ግማሽ ተራራ

ሥራ አስኪያጁ ማንቆርቆሪያውን አንስቶ ውሃውን ለሙከራ ተራራው አናት ላይ ሲያፈስ አናጢው ዓይኑን ጨፈነ። እንጨቱ ይርሳል ብሎ አልነበረም፤ ቨርኒሹን ደጋግሞ ቀብቶታል። ያስፈራው የተራራው ጀርባ ነው። ተራራው ጀርባ አልነበረውማ።

ለከተማው ሙዚየም የሠራው ይህ ተራራ አንድ ትልቅ ጠረጴዛ ያህላል። ኮምፔንሳቶውን በየከፍታው ቆርጦ ደራርቦ በኮላ አጣበቀው፣ ገደሉን በመሮ አወጣው፣ ሸንተረሩን በብርጭቆ ወረቀት አለሰለሰው። በዚህ በኩል የጎደለ ነገር የለም፤ እርከኑ፣ ወንዙ፣ የድሮው ጡብ ፋብሪካ ጭስ ማውጫ ሳይቀር አለ። ድንበሩ ጋ ሲደርስ ግን ተራራው በቢላ እንደተቆረጠ ዳቦ ቀጥ ብሎ ያልቃል።

ውሃው ጥቂቱ በወንዙ መስመር ወርዶ ወንዝ መሰለ። የቀረው በተቆረጠው በኩል ተንዠቅዥቆ የሥራ አስኪያጁ ጫማ ውስጥ ገባ።

«ይኼው!» አለች የአናጢው ልጅ። ዩኒቨርሲቲ ስለ አፈርና ደን ተምራ የመጣች የሙዚየሙ ባለሙያ ናት፤ ሰው ንግግሩን እስኪጨርስ መጠበቅ ግን ማንም አላስተማራትም። «ወንዛችንን የሚሞሉት ሁለቱ ጅረቶች ከማዶ ዞረው ነው የሚመጡት። ማዶ ከሌለ ወንዝ የለም።»

ሥራ አስኪያጁ እግሩን አራገፈ። «ጋሼ፣ እንግዶቹ የሚመጡበት ቀን ደርሷል። ከኋላ ጥቁር ጨርቅ ቢያለብሱልንስ?»

«ጨርቅ! ኤግዚቢሽኑ የተራራው ታሪክ ነው የሚባለው። የተራራው ግማሽ ታሪክ አልተባለም» አለች ልጅቷ።

«ያላየሁትን አልቀርጽም» አለ አናጢው መሮውን እየጠራረገ።

«የድንበሩ ኬላ ከተከፈተ ዓመት አለፈው አባዬ። አውቶቡስ አለ። ሄደህ እየዋ!»

አናጢው መሮውን መጥረግ ቀጠለ። ልጅቷ ወደ እሱ ጠጋ ብላ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «የፈራኸው ተራራውን ነው ወይስ አክስቴን?»

«አፍሽን ዝጊ።»

«እሺ። አክስቴን ነው ማለት ነው።»

እውነቷን ነበር። ታላቅ እህቱ ያገባችው ማዶ ነው፣ አንድ ከሰል አክሳይ። አናጢው ገና ጎረምሳ ሳለ አንድ ክረምት ጎርፉ ከተራራው ወርዶ የታችኛውን ሰፈር ጠራርጎ ወሰደው፤ የአባቱንም የእንጨት ሥራ ቤት ከነመሣሪያው ወሰደ። አባቱ ከዚያ በኋላ ሰው አልሆነም፤ ዓመት ሳይሞላው ሞተ። ከተማው በአንድ አፍ የማዶ ሰዎች ደኑን ጨፍጭፈው ጎርፍ ላኩብን አለ። አናጢው ደግሞ በአንድ ነጋዴ በኩል ለእህቱ መልእክት ላከ፤ «አባታችንን የገደለው ባልሽ ነው፤ ከእንግዲህ እህት የለኝም።» ብዙ ሳይቆይ ኬላው ተዘጋ። መልስ አልመጣም። እንዳይመጣ የተዘጋ ድንበር ስላለ፣ ዓመታቱ ለኩርፊያ ተመቹት።

በማግስቱ ጠዋት ግን እርሳስና ወረቀቱን ይዞ ከልጁ ጋር አውቶቡስ ውስጥ ነበር። ልጁ ሌሊቱን ሙሉ ነገር ሳትጀምር ማደሯ ከነገሯ በላይ ጨንቆት ሊሆን ይችላል። ኬላው ላይ የነበረው ዘብ ቀና ብሎ እንኳ ሳያየው ማህተሙን መታለት። አናጢው ትንሽ ቅር አለው። ይህን ሁሉ ዘመን የፈራው በር ይኼ ነው?

ከኬላው እንዳለፉ የተላጠ አፈር ይመጣል ብሎ መስኮቱን ተጠጋ። የመጣው ደን ነው። ቅርንጫፉ የአውቶቡሱን ጣሪያ እየቧጨረ፣ ጥቅጥቅ ያለ ደን።

«ማን ተከለው?»

«ማንም» አለች ልጁ። «ሰውም ፍየልም እንዳይገባ የተከለከለ መሬት ነበር። ዛፉ ሳያስፈቅድ ገባ። ስትጣሉ የሠራችሁት አንድ ጥሩ ነገር ይኼ ብቻ ነው።»

የእህቱ ቤት ፌርማታው አጠገብ ነው። በረንዳው ላይ አንዲት መነጽር ያደረገች ሴትዮ በእግር የሚሠራ የስፌት መኪና ላይ አጎንብሳለች። ቀና ብላ አየችው። ከዚያ ስፌቱን እስከ ጫፍ ጨርሳ፣ ክሩን በጥርሷ በጥሳ ተነሳች።

«አንተ ጉንዳን» አለች። ልጅ ሳለ ስብርባሪ እንጨት ስለሚያግዝ ያወጣችለት ስም ነው። «ፀጉርህን ማን ወሰደው?»

«እታለም…» አለ።

«ግባ። በረንዳ ላይ የሚቆመው ሱሪ ሊያሳጥር የመጣ ብቻ ነው። ይቺስ ያንተ ናት? አፍንጫዋ የእኛ ነው፣ ምስኪን!»

ሻይ ቀረበ። አናጢው ብርጭቆውን ሲያዞር ቆይቶ ስለ ባሏ ጠየቀ።

«አረፈ። መልእክትህ ግን በሕይወቱ ሳለ ደርሶታል።»

«ምን አለ?»

«እውነቱን ነው፣ ቆርጫለሁ አለ። እኔ እንደ እሱ ጨዋ አይደለሁም።» ብርጭቆዋን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። «ባሌ ቆረጠ። ከሰሉን ማን ገዛው? የእናንተ ጡብ ፋብሪካ። ግንዱንስ? አባታችን። አንተ በምን ያደግክ ይመስልሃል፣ በንፋስ?»

አናጢው ወደ ልጁ ዞረ።

«ታውቂ ነበር?»

«የሁለቱንም ወገን አፈር ቆፍሬ አይቻለሁ። የተራቆተው ባንድ ዘመን ነው፣ እዚህም እዚያም።»

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«ብነግርህ ትሰማኝ ነበር?»

አናጢው በበቅሎ ግንድ ጭነው የሚመጡ ሰዎች ትዝ አሉት። አባቱ ደጃፍ ወጥቶ እንጨቱን በአውራ ጣቱ እየዳሰሰ፣ ይኼ ጥሩ ነው፣ ይኼ ውሃ ጠጥቷል ሲል። እነዚያ ሰዎች ከየት ይመጣሉ ብሎ አንድም ቀን አልጠየቀም። እንጨት ከመጋዘን የሚበቅል ይመስለው ነበር። ሲያድግ ደግሞ ለመጠየቅ ጊዜው አለፈ፤ ጥፋተኛው ተገኝቷላ።

«እታለም፣ እኔ ያኔ…»

«ያንን ኋላ ታለቅስልኛለህ። አሁን ለምን መጣህ?»

«ተራራውን ለማየት።»

«እኔን አይደለም?»

«አንቺንም።»

«ውሸታም!» አለችና እንባዋ እስኪመጣ ሳቀች። እሱም ሳቀ፤ ከየት እንደመጣ ያላወቀው ሳቅ።

ከቤቱ ጀርባ ባለ አግዳሚ ላይ አስቀመጠችው። አናጢው ቀና ብሎ አየና ለአፍታ የተሳሳተ ተራራ ጋ ያመጡት መሰለው። በእሱ በኩል አንድ ድፍን ትከሻ የሆነው ከዚህ ሲታይ ለሁለት የተከፈለ ነው፤ በመሃሉ ሁለቱ ጅረቶች ይወርዳሉ፣ ግራና ቀኙ አረንጓዴ ነው። ግን ያው ዕድሜውን ሙሉ በየቀኑ ሲያየው የኖረው ተራራ ነበር። እርሳሱን አውጥቶ መሳል ጀመረ።

«ይኼ ሸንተረር ነው ወይስ የተኛ አህያ?» አለች እህቱ በትከሻው ላይ አጮልቃ።

«ገና ነው!»

«ጅረቱን እዚያ ካስገባኸው ቤቴን ይወስደዋል። ከዚህ ነው የሚዞረው።»

አውቶቡሱ ጥሩንባውን ነፋ። ልጅቷ ቦርሳዋን አንስታ ቆመች። «አባዬ፣ የመጨረሻው ነው! ተነስ!»

«ሂጂ አንቺ። ሁለቱንም ጅረት ሳልጨርስ አልመጣም። ለሥራ አስኪያጁ ንገሪው፣ ቀኑን ያራዝም።»

«አያራዝምም!»

«እንግዲያው እንግዶቹን ወደዚህ ይላካቸው፤ ከነሕይወቱ ይዩት» አለች እህቱ። «እኔ ጋ ያድራል። ያንኮራፋል?»

«እንደ መጋዝ» አለች ልጅቷ እየሮጠች።

እህቱ አጠገቡ ተቀመጠችና እርሳሱን ከእጁ ነጥቃ ጅረቱን ራሷ መሳል ጀመረች። አናጢው ጥላው ወረቀቱ ላይ እንዳይወድቅ ፈቀቅ አለላት።