የቦራ ጭንቅላት

የሐውልቱ መጋረጃ ተገፍፎ ሲወድቅ መጀመሪያ የሳቀው ማን እንደሆነ ለውዱ የነገረው ሰው የለም። ቢነግሩትም ግድ አይሰጠውም ነበር። ከእንጅባራ ወጥቶ ወደ ዘንገና በሚወስደው መንገድ ዳር፣ አዲስ በተሠራው ሎጅ ግቢ መሀል፣ የገዛ ፊቱ ከላይ ሆኖ ቁልቁል ያየዋል። ሪዙ የሱ ነው። ግራ ቅንድቡን ለሁለት የከፈለው ጠባሳም የሱ ነው። ደረቱ ራቁት ነው፤ በዚህ ብርዳም አገር ውዱን ራቁቱን ያየ ሰው ከሚስቱ ከማናለብሽ በቀር የለም። ከወገቡ በታች ግን ፈረስ ነው፤ አራት እግር፣ አራት ኮቴ፣ እስከ መሬት የወረደ ጭራ። የፈረሱ አንገት መሆን በሚገባው ቦታ ላይ ውዱ በቅሎበታል።

«ጭንቅላቱስ?» አለ ውዱ። የድምፅ ማጉያው እየጮኸ ስለነበር የሰማው የለም። በጋቢው ስር የያዘው ልጓም ብቻ ተንቃጨለ።

ቦራ የውዱ ፈረስ ነበር። መልኩ ዳማ ሆኖ ከግንባሩ እስከ አፍንጫው ነጭ ወርዶበታል፤ ስሙን ያወጣለትም ይኸው ነጭ ነው። አንድ ዓመት በጥር፣ ፈረሰኞች ሲሰበሰቡ፣ ውዱ በጉግሱ መሀል ከኮርቻው ተፈናጥሮ ወደቀ። ከኋላ የሚግተለተለው ፈረስ ሰው የሚያተርፍ አልነበረም። ቦራ ግን ተመልሶ መጣና ውዱን በአራት እግሮቹ መሀል አድርጎ ቆመ። ቢገፉትም ቢመቱትም አልተነቃነቀም። ውዱ ዓይኑን ሲገልጥ ያየው ያንን ነጭ ግንባር ነው፤ ወደሱ አጎንብሶ ትንፋሹ ፊቱን ያሞቀዋል። ቅንድቡ ላይ ያለው ጠባሳ የዚያን ዕለት ነው። ከዚያ ወዲህ ውዱ ቦራን «አንተ» ብሎ ለመጥራት እንኳ ያፍራል እያሉ ጎረቤቶቹ ይቀልዱበት ነበር።

ዳንግላ ላይ በእህል ንግድ የከበረው አዝመራው፣ ይሄይስ የሚባል ወጣት ቀራፂ አስከትሎ ውዱ ደጃፍ የመጣው ባለፈው በጋ ነው። «አያ ውዱ፣ ለሎጄ የአገራችንን ፈረሰኛ ሐውልት ላቆም ነው። ከእርስዎና ከቦራ ሌላ ማንን አቆማለሁ?» አለው። ውዱ አላንገራገረም። አንድ ነገር ብቻ ለመነ፤ የቦራ ግንባር በደንብ እንዲታይ። ይሄይስም ሥራውን ከፈረሱ ጭንቅላት ጀመረ። ሲሚንቶው ሲደርቅ ውዱ በመዳፉ ዳበሰው፤ ከቦራ ጋር ብቻ በሚያወራበት ለስላሳ ድምፅም በአዊኛ አናገረው።

ክረምት ሲገባ ቦራ ሆዱን ታመመ፤ ሳይውል ሳያድር ሞተ። ፈረሰኛ ሲሞት ፈረሱ ግላስ ለብሶ፣ ተሸልሞ፣ ለቅሶው መሀል ይመጣል፤ ሰውም ፈረሱን እያየ ያለቅሳል። ለፈረስ ግን የሚወጣ ለቅሶ የለም። ውዱ መቃብር ሊቆፍር ዶማ ሲያነሳ ጎረቤቶቹ «ኧረ ተው፣ ሰው ምን ይላል!» ብለው ነጠቁት። ቦራን በገመድ ጎትተው ገደል ሰደዱት። ጅቦቹ ሲሻሙበት ውዱ ከቤቱ ሆኖ ይሰማ ነበር። ማናለብሽን «ግድ የለም፣ ፊቱ እዚያ አለ» አላት። ይህን እያለ ክረምቱን ገፋው። ለምረቃው ልጓሙን ወልውሎ ይዞ የመጣው ሐውልቱ ላይ ሊያጠልቅለት ነው። ለቅሶውም ቀብሩም ያ ሊሆን ነበር።

አዝመራው ግን በመሀሉ ስልኩ ላይ ሌላ ነገር አይቶ ኖሯል። ፈረሰኛማ በየአደባባዩ አለ፤ እሱ ማንም የሌለውን ነገር ፈለገ። የግሪክ ተረት ፍጡራንን ሰብስቦ ግቢውን ሞላው። በሩ ላይ ባለ ሦስት ራስ ውሻ አቆመ። መጠጥ ቤቱ አጠገብ የበሬ ራስ ያለው ሰውዬ ተገትሯል። ፀጉሯ እባብ የሆነ ሴትዮ ደግሞ፣ ምን በድላ እንደሆነ እንጃ፣ የሴቶች መፀዳጃ በር ላይ ተሰቅላለች። ውዱ በምረቃው ዕለት ጠዋት ሁሉንም እያማተበ ነበር ያለፋቸው።

«አያ ውዱ፣ ደስ አላለዎትም?» አለ አዝመራው ክንዱን ይዞ። «ግሪኮቹ ሴንቶር ይሉታል፤ ግማሽ ሰው፣ ግማሽ ፈረስ። ስድብ እንዳይመስልዎ። ኪሮን የሚባለው እኮ የጀግኖቻቸው አስተማሪ ነበር፣ መድኃኒት አዋቂ ነበር!»

ውዱ ክንዱን መነጨቀው። «የኔ ፈረስ ግማሽ አልነበረም!» ብሎ ጮኸና ግቢውን ለቆ ወጣ።

አገሩ ለውዱ ተቆጣለት። «ባለ ትዳሩን፣ የልጆች አባቱን ሰውዬ አውሬ አደረጉት!» ተባለ። «ከነነፍሱ ጭራ አወጡበት!» ተባለ። ዳንግላ ገበያ የወረደ ሰው ሁሉ ወሬውን ይዞ ሲመለስ አንድ ነገር ይጨምርበታል። ሁሉም ስለ ውዱ ክብር ይንገበገባል፤ ስለ ቦራ አንድ ቃል የተነፈሰ ግን የለም። ውዱን ከሳቁ ይልቅ ያቃጠለው ይሄ ነበር። እህል አልወርድለት አለ። ማናለብሽ ብቻ ነገሩ ስለገባት ልጓሙን ከተሰቀለበት አላነሳችውም።

በሳምንቱ እሑድ ሽማግሌዎች ሎጁ ግቢ ዛፍ ስር ተቀመጡ። ውዱ ከማናለብሽ ጋር መጣ፤ ልጓሙን አሁንም በጋቢው ስር ይዞታል። ብዙ ከተባለ በኋላ አንጋፋው ሽማግሌ አያ እንግዳው ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«አዝመራው ጥፋቱን አምኗል» አሉ። «ፊትህ ከዚያ ነገር ላይ ይነሳል፤ የማንም ያልሆነ ፊት ይደረግበታል። እግርህ ላይም ወድቆ ይቅርታ ይጠይቅሃል። እንግዲህ አንተም ይቅር በል።»

«ስለ ፊቴ ማን አነሳባችሁ?» አለ ውዱ።

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። ውዱ ብድግ አለ።

«ፊቴ ይኸው፣ የትም አልሄደብኝም! ያንን ውሻ እዩት፤ አንድ የሚበቃው ሦስት ራስ ተሰጠው። ያ በሬ እንኳ ራሱን አልተነጠቀም፤ ጭራሽ የሰው ገላ ተጨመረለት። የኔ ቦራ ምን በድሎ ነው አንገቱን የተቀላው? ገላውን ጅብ በላው፤ እሺ፣ የፈረስ ዕጣ ነው ብዬ ቻልኩት። የቀረው ፊቱ ነበር። ወድቄ ሳለሁ ላዬ ላይ ቆሞ ያተረፈኝን ፊት ቆርጣችሁ ጣላችሁና፣ በሱ ቦታ እኔን ተከላችሁኝ! እኔን!» 

«አያ ውዱ፣ ሲሚንቶ እኮ ነው» አለ አዝመራው ቀስ ብሎ።

«ሲሚንቶ ከሆነ አምጣው! የት ጣላችሁት?»

አዝመራው ወደ ይሄይስ ዞረ። ይሄይስ ከተቀመጠ ጀምሮ አንገቱን እንደደፋ ነበር። ተነስቶ ከወጥ ቤቱ ጀርባ ሄደ። እዚያ የማገዶ ክምር አለ፤ ክምሩ ሸራ ለብሷል፤ ሸራውን ነፋስ እንዳይወስደው ከላዩ የተጫነው የቦራ ጭንቅላት ነበር። ከሎጁ ሠራተኞች ጋር ተጋግዞ አውርዶ በእጅ ጋሪ እየገፋ አመጣው። ዶሮ ኩሶበታል፤ አንድ ጆሮው ጫፉ ተሸርፏል። ነጩ ግንባር ግን ከጭቃው ስር ይታያል።

ማናለብሽ ከሁሉ ቀድማ ደረሰች። በነጠላዋ ጫፍ ግንባሩን፣ አፍንጫውን፣ የዓይኑን ዙሪያ ጠረገችለት። ውዱ ተንበርክኮ ልጓሙን አወጣና አጠለቀለት። ከጆሮው ኋላ አሳልፎ፣ ማሰሪያውን ቦራን ያስርበት በነበረው ቀዳዳ ላይ ሲቆልፈው ልክክ አለ። ያኔ ክረምቱን ሙሉ ያፈነው ለቅሶ ወጣለት፤ ሰው ያየኛልም አላለ። ማናለብሽ ነጠላዋን አዘቀዘቀች። አያ እንግዳው አዩዋት፤ ጥቂት አሰቡና ባርኔጣቸውን አውልቀው ከመቀመጫቸው ተነሱ። ሌሎቹም ተከትለዋቸው ቆሙ። አዝመራው እጁን የሚያደርግበት ጠፋው።

ጋሪ ተጠራ። አራት ሰው ተጋግዞ ጭንቅላቱን ጫነው፤ ውዱ በጋቢው ሸፈነውና አጠገቡ ተቀመጠ። ባለጋሪው የጋሪውን ፈረስ ሲነዳ አዝመራው ሮጦ ደረሰበት።

«አያ ውዱ» አለ፣ እዚያ ራቁቱን የቆመውን ባለ ሪዝ ፍጡር ቀና ብሎ እያየ። «ፊትዎንስ ምን ላድርገው?»

ውዱ ዞሮም አላየው።

«እንደ ፍጥርጥርህ» አለና ቦራን ይዞ ወደ ቤቱ ሄደ።