አሥራ አንደኛው ሞተር

ሰውየው ጫማውን በር ላይ አውልቆ ሲገባ ምንጣፉ ላይ የተቀመጡት ወሬያቸውን አቋረጡ። ሁሉም ያውቁታል። አቶ ጥዑመ ልሳን ነው፤ የአደም ጀልባ ሥራ ማኅበር ከሰረ ተብሎ ሲወሰን፣ ንብረቱን መዝግቦና ሸጦ ለባለ ገንዘቦቹ እንዲያከፋፍል ፍርድ ቤት የሾመው አጣሪ። ከስምንት ወር በፊት በጣና ዳር ያለውን የአደምን ወርክሾፕ ያሸገው እሱ ነበር።

«እግዜር ያጥናችሁ» አለና ጥግ ይዞ ተቀመጠ።

«አሜን፣ አንተንም ክፉ አይንካህ» አሉ አዛውንቶቹ።

አስያ ከጓዳው መጋረጃ ኋላ ቆማ አየችው። አባቷ አደም ከተቀበሩ ሦስተኛ ቀኑ ነው፤ ከዛሬው ዱዓ በኋላ ምንጣፉ ይነሳል። ወንድሟ ሂሻም ጠጋ አላት።

«ደግሞ ምን ሊቆጥር መጣ? ከፈኑን?»

«ቀስ በል፣ ይሰማሃል።»

«ይስማ!»

አስያ ውሃ በብርጭቆ ቀድታ ወጣችና ከሰውየው አጠገብ አስቀመጠችለት። አመሰገናት፤ ግን አልነካውም። እንደማይነካው ታውቃለች።

ስምንት ወር ሙሉ መዝገብ ይዞ ሲመላለስ የዚህን ቤት ውሃ ቀምሶ አያውቅም። የመጀመሪያው ቀን አደም ተቀይመው ነበር።

«ይኼ የጣና ውሃ ነው እንጂ ጉቦ አይደለም፣ አቶ ጥዑመ ልሳን።»

«አውቃለሁ፣ ጋሽ አደም። ግን የእርስዎን ከጠጣሁ የባለ ገንዘቦቹንም መጠጣት ሊኖርብኝ ነው። እነሱ ደግሞ ውሃ አይደለም የሚያቀርቡት።»

አደም እስኪያስላቸው ሳቁ። ከዚያ ወዲያ ሰውየው በመጣ ቁጥር ውሃ ያስቀርቡለታል። ሲሄድ ብርጭቆውን ራሳቸው አንስተው ግቢ ውስጥ ካለችው የማንጎ ችግኝ ሥር ግማሹን ያፈሱና፣ አፈሩ እስኪጠጣው ቁጢጥ ብለው ጠብቀው ቀሪውን ይጨምሩላታል። «መንግሥት የሚያጠጣት ማንጎ» ብለው ስም አወጡላት።

ምንጣፉ ላይ፣ የወርክሾፑ አንጋፋ በያጅ ኢስሀቅ ጉሮሮውን ጠረገ።

«እንዲያው በለቅሶ ቤት ነውር ባይሆን፣ የእኛ ነገር ከምን ደረሰ?»

«የሠራተኛ ደመወዝ ይቀድማል» አለ ጥዑመ ልሳን ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ግን ጀልባዎቹ በርካሽ ሄዱ። የሁለት ወሩ ይከፈላችኋል፤ የሦስተኛው አይደርስም። ሐሙስ የመጨረሻውን ሪፖርት ለዳኛዋ አቀርባለሁ።»

«ይሁን። እኔስ ጀናዛው ላይ አውፍ ብያለሁ፤ ያለኝን ይቅር ብዬዋለሁ» አለ ኢስሀቅ። «ዛሬ ተመልሼ አልቆጥርም።»

ወደ ጓዳ የተመለሰችው አስያ የመጋረጃውን ጠርዝ ጨበጠች። ሂሻም ከቀብሩ በፊት ጀናዛው ፊት ቆሞ፣ «አባቴ ላይ ሐቅ ያለው ወደ እኔ ይምጣ፤ አለዚያም አውፍ ይበለው» ሲል ከሁሉ ቀድሞ «አውፍ ብያለሁ!» ያለው ኢስሀቅ እንደነበር ነግረዋታል። አምስት ልጆች አሉት።

ከስምንት ወር በፊት፣ ወርክሾፑ ሲታሸግ፣ ጥዑመ ልሳን የጀልባ ሞተሮቹን ሁለት ጊዜ ቆጥሮ ነበር።

«ወረቀቱ አሥራ አንድ ይላል፣ ጋሽ አደም። እዚህ ያለው አሥር ነው።»

አደም አሰቡ። «አንዱ አምና በማዕበል ከነጀልባው ሰጥሟል። እሱ ይሆናል ወረቀቱ ላይ የቀረው። ወላሂ፣ ያለኝ አሥር ነው።»

የሰጠመው ቀድሞ ከመዝገብ ተሰርዟል። ይህን የምታውቀው የዕቃ ቤቱን መዝገብ የምትይዘው አስያ ብቻ ነበረች። አሥራ አንደኛው ሞተር የት እንዳለም ታውቃለች። አባቷ በአላህ ስም ሲምሉ አጠገባቸው ቆማ መሬት መሬት ታይ ነበር።

በኋላ የባለ ገንዘቦቹ ጠበቃ ችሎት ላይ፣ «ሰውየው ንብረት ሸሽገዋል» ብሎ ተከራከረ። ጥዑመ ልሳን ተነስቶ፣ «አቶ አደም አንዲት ብሎን እንኳ አልሸሸጉኝም። እኔ ካገኘሁት እሳቸው ያሳዩኝ ይበልጣል። ቃላቸውን ተቀብያለሁ» አለ። አደም ያን ዕለት ከፍርድ ቤት እስከ ቤታቸው በእግራቸው መጡ፤ በየሱቁ እየቆሙ ሰው ሰላም አሉ። ከከሰሩ ወዲህ እንዲያ አድርገው አያውቁም ነበር።

ሆስፒታል ተኝተው ሳሉ ግን ዓይናቸውን ገልጠው፣ «አስያ፣ ሞተሮቹ አሥር ናቸው አይደል?» አሏት።

«አሥር ናቸው፣ አባባ።»

ዱዓው አለቀና ሰው መነሳት ጀመረ። አስያ ወደ በሩ ስትራመድ ሂሻም ክንዷን ያዘ። ነገሩን ትናንት ነግራው ነበር።

«አባባን ሌባ ልታሰኚያቸው ነው? አውፍ ያለው ሁሉ ቃሉን ቢያነሳስ?»

«ዝም ካልሁ መሐላው የውሸት ሆኖ ይቀራል፣ ሂሻም። ያስዋሸኋቸው እኔ ነኝ።»

ጥዑመ ልሳን ደጅ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ የጫማውን ክር ያስራል።

«አቶ ጥዑመ ልሳን፣ ሞተሩ አሥራ አንድ ነው።»

ክሩን ለቀቀው።

«ሊታሸግ አንድ ቀን ሲቀረው በባጃጅ ጭኜ ወሰድሁት። መሸንቲ አክስቴ ቤት፣ ጭድ ውስጥ ነው። አባባ አያውቁም ነበር።»

«ለምን?»

«ቤቱም የሚሄድ መሰለኝ። በአንድ ሞተር እንኳ እንደገና እንጀምራለን ብዬ።»

ሰውየው መዝገቡን ከቦርሳው አወጣ።

«እኔ ችሎት ፊት በቃላቸው መስክሬያለሁ» አለ፤ ድምፁ ላይ ቁጣ ግን አልነበረበትም።

«ስለዚህ ነው የምነግርዎት።»

«ከጻፍሁት የደበቀውን ሰው ስም መጻፍ አለብኝ። ዳኛዋ ታስጠራሻለች፤ ልትቀጪም ትችያለሽ። በፈቃድሽ መናገርሽን እጽፋለሁ። ከዚያ ያለፈ ቃል አልገባልሽም።»

«ስሜን ይጻፉ። እሳቸው እንደማያውቁም ይጻፉ።»

መዝገቡን ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ ጻፈ። ከዚያ አነበበላት። «አቶ አደም በማሉ ጊዜ ሞተሩ መወሰዱን አያውቁም ነበር።»

«ይድገሙልኝ።»

ደገመላት። ብዕሩን ተቀብላ ፈረመች።

«ሞተሩ ሲሸጥ ኢስሀቅ የሦስተኛውን ወር ደመወዝ ሳያገኝ አይቀርም» አለ ሰውየው፤ ክሩን አስሮ ሄደ።

አስያ ወደ ቤት ተመለሰች። ሂሻም ምንጣፉን እየጠቀለለ ነበር፤ ቀና ብሎ አላያትም። ብርጭቆው ከነውሃው ጥጉ ላይ ቆሟል። አንስታ ወደ ግቢው ወጣች፤ ማንጎዋ ሥር ቁጢጥ ብላ ግማሹን አፈሰሰች። አፈሩ እስኪጠጣው ጠበቀች፤ ቀሪውን ጨመረችላት።