የሱሮቪ ምትክ

ባለቤቴ ሱሮቪ በሞተች በሁለተኛው ዓመት ወገኖቿ ምትክ አመጡልኝ። ምትክ የምለው ሌላ ሚስት ነው። በእኛ በጋሮ ሕዝብ ዘንድ ጋብቻ የሚታሰረው በሁለት ጎሳ መካከል ስለሆነ ሞት አይፈታውም። ባል ከሞተ የባል ጎሳ፣ ሚስት ከሞተች የሚስት ጎሳ በቦታው ሰው ይተካል፤ ምትኩን አልቀበልም ያለ ባል ከቤቱ ይወጣል። እኔን ማንም አላማከረኝም። አንድ ማክሰኞ ከማሳ ስመለስ ልጅቷ ከእናቷ ጋር በረንዳዬ ላይ ተቀምጣ አገኘኋት።

በረንዳዬ አልኩ እንጂ የኔ አይደለም። ቤቱ የሱሮቪ ነበር፣ ከሱሮቪ በፊት የእናቷ፣ አሁን ደግሞ የዘጠኝ ዓመቷ ልጄ የሪፓ ነው። ሪፓ የእናቷ ጎሳ ናት፤ ሲምሳንግ ተብላ ትጠራለች። እኔ ጃምቢል ነኝ። በሃያ ሁለት ዓመቴ ተዳርኩና ልብሴን ጠቅልዬ፣ ቆንጨራዬን ይዤ ሚስቴ ቤት ገባሁ። ብወጣም ከዚያ የበለጠ ይዤ አልወጣም፤ ልጄንም ጭምር ትቼ ነው የምወጣው።

በዚህ ነገር ሞፊዝ ሚያ ሁሌ ይስቅብኛል። ሞፊዝ ጋሮ አይደለም፣ ቤንጋሊ ነው፤ አውራ መንገዱ ዳር ሻይ ቤት አለው፣ አሥራ ስምንት ዓመት ተጎራብተናል።

«እኛ ዘንድ የሚዳሩት ሴቶች ናቸው፤ እናንተ ዘንድ ወንዱ ነው ሙሽሪት» ይለኛል። «እውነቱን ንገረኝ፣ ስትገባ ሂና ቀብተውህ ነበር?»

«እጄንም እግሬንም። አንተ የከፋህ ስላልተጠራህ ነው።»

«አሁን ደግሞ ጎረምሳ ሊያደርጉህ ነው አሉ። በአርባ ዓመትህ!»

ሞፊዝ ይስቃል፤ እኔ ግን አልሳቅኩም። የመጣችልኝን ልጅ አውቃታለሁ። ፕሮኒታ ትባላለች፤ የሱሮቪ የአክስት ልጅ ናት። በሠርጌ ቀን ትከሻዬ ላይ ወጥታ አልወርድም ያለችው የአራት ዓመት ሕፃን እሷ ነበረች። አሁን ሃያ ሁለት ዓመቷ ነው፤ ዳካ ከተማ የሴቶች የውበት ሳሎን ውስጥ ትሠራለች። «አያትሽ ልትሞት ነው፣ ድረሺ» ብለው በስልክ ጠሯት። ደንግጣ ስትደርስ አያቷ የአናናስ ልጣጭ ለአሳማዎቹ ስትከትፍ አገኘቻት።

ዓርብ ቀን፣ ፀሐዩ አናት ሲበሳ፣ አናናስ መሐል አጎንብሼ አረም ስነቅል መጣች።

«ጋሼ ሎቲን፣ እንነጋገር።»

«ነጠላ ጫማ አድርገሽ እዚህ ትገቢያለሽ? ቅጠሉ እግርሽን ይተለትለዋል።»

«ስለ ጫማዬ ላወራ አይደለም የመጣሁት። እሁድ ይጠይቁሃል። እምቢ በል።»

«አንቺስ አፍ የለሽም?»

«እኔ እምቢ ካልኩ ጎሳው ምትክ መስጠት አቃተው ይባላል። ውርደቱ የሚያርፈው እናቴ ላይ ነው። ደግሞ ታውቃታለህ፣ በዚህ ዓመት እንኳ ሁለቴ ሆስፒታል ተኝታለች። አንተ እምቢ ካልክ ግን ጥፋቱ ያንተ ነው፣ እኔን ማንም አይነካኝም።» ወደ እኔ አንድ እርምጃ ቀረበች። «ከጓደኛዬ ጋር የራሳችንን ሳሎን ልንከፍት ነው። ቦታውን አይተናል። ሁለት ወንበር ብቻ ነው የሚይዘው፣ ግን የራሳችን ነው።»

«ሪፓስ?»

«እየመጣህ ታያታለህ» አለች፤ እያለችውም ዕንባዋ ወረደ። አንጀቴን በላችው።

አንድ ሐሳብ ምላሴ ጫፍ ደርሶ ነበር። ለስሙ ያህል እንጋባ፣ ከዚያ ወደ ሥራሽ ተመለሺ ልላት ፈለግሁ። ግን አርባ ዓመት የሞላው ሰው፣ ሰው በሌለበት ማሳ ውስጥ፣ ለዚች ልጅ እንዲህ ሲል ምን እንደሚመስል አሰብኩት። የሽማግሌ ብልጠት ይመስላል። አፈርኩና ዋጥኩት። ያ እፍረት እስከ ዛሬ ያቃጥለኛል።

ሁለቱን ሌሊት እንቅልፍ በዐይኔ አልዞረም። እሺ ብል የልጅቷን ዕድሜ በላሁት። እምቢ ብል ደግሞ ሪፓን አጣኋት። እናቷ ከሞተች ወዲህ ፀጉሯን የማበጥራት እኔ ነኝ፣ ሩዟን የማበስልላት እኔ ነኝ፣ ሲያስፈራት የምትጠራው እኔን ነው። ወዲያም ብል ወዲህ፣ እጅ እግሬ ታስሮ እንደተቀመጥኩ ቆጠርኩት።

እሁድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሲምሳንጎች ግቢው ውስጥ ተሰበሰቡ። የሚጠይቀው የሱሮቪ አጎት አባባ ጎጄን ነው። ቤቱም ርስቱም የሴቶቹ ቢሆንም በሸንጎ የሚናገሩት የእናት ወንድሞች ናቸው።

«ሎቲን» አለ፣ «ልጃችን ሞተችብህ፣ ልጃችንን አምጥተንልሃል። ትቀበላለህ?»

ሪፓ ደጃፍ ላይ ቆማ ታየኛለች። እሷን ካየሁ እንደማልችል ስላወቅኩ ዐይኔን መሬት ላይ ተከልኩ።

«አልቀበልም።»

«ምክንያትህ?»

«ልጅ ናት።»

«ታድጋለቻ» አለ አንዱ ከኋላ፣ ጥቂቶች ሳቁ።

«ሁለተኛ ልጠይቅህ። ቃል ከአፍ ከወጣ ወዲያ መመለሻ የለውም፣ ታውቃለህ።»

«አውቃለሁ አባባ ጎጄን። አልቀበልም።»

ፕሮኒታ ከሴቶቹ መሐል አንገቷን ደፍታ ተቀምጣለች። ትከሻዋ ዝቅ ሲል፣ ትንፋሿን ስትለቀው አየኋት። አልዋሽም፣ ያን ጊዜ ኮራሁ። በሕይወቴ አንድ ትልቅ ነገር የሠራሁ መሰለኝ።

አባባ ጎጄን ራሱን ነቀነቀና ወደ ሴቶቹ ዞረ። «እንግዲህ ሎቲን ሊወጣ ነው። ሪፓ ሕፃን ናት። ቤቱ ትልቅ ሰው የለውም ማለት ነው።»

ማንም ማብራሪያ አልፈለገም። እኛ ለምንኖርበት መሬት ወረቀት የለንም። መንግሥት ደን ነው ይለዋል፤ እኛ ደግሞ ደኑ ሳይመነጠር ጀምሮ እዚሁ ነን። የደን ጠባቂዎቹ በየወሩ ይዞራሉ፣ ሰው የሌለበት ቤት ሲያገኙ ችግኝ ይተክሉበታል። ጎረቤቶቻችን ሬማዎች ለቅሶ ብለው ሁለት ወር ቆይተው ሲመለሱ ምድጃቸው አጠገብ ሁለት ረድፍ የአካሺያ ዛፍ ችግኝ ተተክሎ ነው ያገኙት። ቤታቸው በዚያው ቀረ።

«ሪፓ ቤት ለመያዝ እስክትደርስ» አለ አባባ ጎጄን፣ «ፕሮኒታ እዚህ ትቀመጣለች።»

ፕሮኒታ ቀና አለች። እናቷ ክንዷን ያዘቻት። ለጋብቻ ቢሆን ለወጉም ቢሆን ትጠየቅ ነበር። ቤት ለመጠበቅ ግን የጎሳ ልጅ አትጠየቅም፣ ትታዘዛለች።

ሰው ሲበተን ሽማግሌውን ተከትዬ ሮጥኩ።

«አባባ ጎጄን፣ እኔ እኮ እምቢ ያልኩት እሷ እንድትሄድ ብዬ ነው።»

ቆመና ከእግሬ እስከ ራሴ አየኝ። «ወዴት ነው የምትሄደው? አንተ እሺ ብትል ኖሮ ቤቱን አንተ ትጠብቅ፣ እሷም በነጋታው አውቶቡሷን ትሳፈር ነበር። ከመንደራችን የስንቱ ሚስት ነች ዳካ ያለችው? የኔ ልጅ ዳካ ስትሠራ የባሏን ምሳ የሚያበስለው ማን ይመስልሃል? እኛ የምንፈልገው በቤቱ የሚያድር ሰው ነበር።»

«እርስዎ ለምን አልነገሩኝም?»

«አንተ መች ጠየቅኸኝ? ለመሄድ የቸኮለ ሰው መሰልከኝ።»

«እንግዲያው አሁን እሺ ልበል። ይመልሷቸው፣ እቀበላለሁ።»

«ሁለት ጊዜ ጠየቅኩህ እኮ ልጄ» አለ። ድምፁ ቁጣ አልነበረበትም፣ ሐዘን ነበረበት። እጁን ትከሻዬ ላይ አሳረፈና መንገዱን ቀጠለ።

ጥቅሌን ይዤ ከገበያው ማዶ እህቴ ቤት ገባሁ። በሞፊዝ ሻይ ቤት ደጃፍ ሳልፍ ሊቀልድ አፉን ከፈተ፣ ፊቴን ሲያይ ተወው። ሻይ ቀዳልኝና አጠገቤ ተቀመጠ። ሻዩ በረደ፣ አልጠጣሁትም።

አሁን እሁድ እሁድ እሄዳለሁ። ፕሮኒታ የእንግዳ ምንጣፍ ታነጥፍልኛለች፣ ሩዝና የደረቅ ዓሣ ወጥ ታቀርብልኛለች፣ ስበላ ዞር ትላለች። እጇ ከአናናሱ የተነሳ ተቆራርጧል። ባለፈው ሳምንት በልቼ ስጨርስ ሪፓ ሸሚዜን ይዛ አልለቅም አለች።

«አባዬ፣ ዛሬ እደር። አንድ ቀን ብቻ።»

ምትክ እምቢ ያለ ሰው የሟች ቤት አያድርም። ልጄ ገና ይህን አታውቅም። ጣቶቿን አንድ በአንድ ከሸሚዜ ማላቀቅ አቃተኝ፣ እንደተቀመጥኩ ቀረሁ።

«ፕሮኒታ፣ ተቀይመሽኛል?» አልኳት።

«ምን ብዬ? እምቢ በል ያልኩህ እኔ ነኝ።» ሳህኑን አነሳች። አጥሩ ጋ ሁለት ጠባቂዎች ብስክሌታቸውን አቁመው ወደ ግቢው ያያሉ። እንዲያዩዋት ብላ ወደ በረንዳው ወጣችና ቆመች። እስኪሄዱም ጠበቀች።

ተመልሳ መጥታ የሪፓን እጅ ከሸሚዜ ላይ ቀስ አድርጋ አላቀቀችው።

«ሂድ ጋሼ፣ ሳይመሽ» አለችኝ። «አንተ መሄድ ትችላለህ።»

ተነሥቼ ሄድኩ።