የእናቱ አስተርጓሚ

ተክለአብ አስተርጓሚ አያስፈልግም ያለው ሰው ፈርቶ ነው። የሰፈሩ አስተዳደር፣ ካውንስሉ፣ የሚልከው አስተርጓሚ ያው ሐበሻ ነው፤ ሐበሻ ከሆነ ደግሞ በቤተ ክርስቲያን ሳያውቃቸው አይቀርም፤ ገመናቸው እሁድ ከቅዳሴው ቀድሞ ይደርሳል። ስለዚህ «እኔ ልጇ አለሁላት» ብሎ በስልክ ጨረሰ። አዬ ሞኝነት! ከወሬ ሲሸሽ የገዛ ጉዱን በገዛ አፉ እንዲተረጉም ራሱን ሾመ።

ነገሩ የቤት ነገር ነው። እናቱ ወይዘሮ እንግዳወርቅ ካምደን ሆስፒታል ውስጥ ወለል ሲወለውሉ ኖረው፣ ካሌዶኒያን ሮድ ያለውን የካውንስል አፓርታማ፣ ፍላታቸውን፣ በላባቸው ገዝተው ነበር። እግራቸው እየከዳቸው ሲመጣ ተክለአብ ጠበቃ ዘንድ ወሰዳቸውና ቤቱን በስጦታ በስሙ አዛወረው። ዛሬ እሳቸው ዋይት ሲቲ መጦሪያ ቤት ተኝተዋል፤ በፍላቱ ተክለአብ ከሚስቱ ከቲጂና ከልጆቻቸው ጋር ይኖራል። የመጦሪያውን ክፍያ እናትየዋ ምንም ንብረት የላቸውም ተብሎ ካውንስሉ ሲሸፍን ቆይቷል። አሁን ግን ስለ ቤቱ ሰማ። ቤቱ የተላለፈው ክፍያውን ለመሸሽ ከሆነ፣ እስካሁን የሸፈነውን ሁሉ ከተክለአብ ያስመልሳል። ተክለአብ ደግሞ ከፍላቱ ሌላ የሚሸጠው ነገር የለውም።

ከካውንስሉ የመጣችው ሴት ወንበር ስባ አልጋው አጠገብ ተቀመጠችና ጠየቀች። ተክለአብ ወደ አማርኛ መለሰው።

«እማዬ፣ ቤቱን ለልጅሽ ለምን ሰጠሽው ነው የምትለው።»

ወይዘሮ እንግዳወርቅ ጋቢያቸውን ሰበሰቡ። «አንተ አይደለህ እንዴ መንግሥት ሳይወስደው በስሜ አድርጊው ያልከኝ? ለመጦሪያው፣ ለኬር ሆሙ ክፍያ እንዳይሸጥ ብለህ ነው እንጂ እኔማ በቁሜ ቤቴን ለምን እሰጣለሁ? ንገራት።»

ከባለቤቱ ያወቀ ቡዳ ነው ይባላል። ተክለአብ ጉሮሮውን ጠረገ፤ በእንግሊዝኛም፣ «ያለኝ ልጅ እሱ ብቻ ነው፤ ስለምወደው ሰጠሁት። ስለ ክፍያ ማንም አላሰበም ትላለች» አለ። ልጆቼ ሜዳ ላይ ከሚወድቁ እኔ ልኮነን ብሎ ራሱን አጽናና።

ሴትዮዋ ወደ አልጋው ጎንበስ ብላ፣ ቀስ ባለ እንግሊዝኛ፣ «ትክክል ነው?» አለች።

ወይዘሮ እንግዳወርቅ እንግሊዝኛ የማይናገሩት አፍረው እንጂ ሳይገባቸው ቀርቶ አልነበረም። ስንት ዓመት ከነርሶች ጋር የዋለ ጆሮ ነው! ተክለአብ ይህን ረስቶታል። እናቱ ትክ ብለው አዩት። ከዚያ ወደ ሴትዮዋ ዞሩ።

«የስ» አሉ። «ማይ ሰን። ላቭ።»

ሴትዮዋ ጻፈች፣ አመሰገነች፣ ወጣች። ተክለአብ እፎይ ብሎ ግንባሩን ሲጠርግ እናቱ ተናገሩ።

«ስልክህን አውጣና ለንስሐ አባቴ ለአባ ጢሞቴዎስ ደውልልኝ።»

«ምነው እማዬ፣ አመመሽ እንዴ?»

«ንስሐ ልግባ። በዚህ ዕድሜዬ ዋሸሁ።» ከዚያ ፊቱን አይተው እጁን ያዝ አደረጉት። «አይዞህ፣ ያንተን አልነግራቸውም። የራሴን ብቻ ነው የምናገረው።»

ቢረግሙት ይሻለው ነበር። ዕድሜ ልካቸውን የሆስፒታል ወለል ወልውለው አንዲት ሳሙና ወደ ቤት ይዘው ያልመጡ ሴት ናቸው። በመጨረሻ እሱ አስዋሻቸው፤ እሳቸው ደግሞ አሁንም እሱን እያጽናኑ ነው። ተክለአብ በሕይወቱ እንደዚያ አፍሮ አያውቅም።

ስልኩን አልጋው ላይ ትቶ ወጣ። ሴትዮዋ ከኮሪደሩ ጫፍ፣ የተቆለፈውን በር ሠራተኛ እስኪከፍትላት ቆማለች።

«ይቅርታ» አላት። «የተረጎምኩት እናቴ ያለችውን አይደለም።»

ሴትዮዋ ቦርሳዋን መልሳ ከፈተች። «ታዲያ ምን ነበር ያለችው?»

ተክለአብ የቲጂና የልጆቹ ፊት መጣበት። ቢሆንም የእናቱን ቃል ሳይጨምር ሳይቀንስ ተረጎመው።

«‹አንተ አይደለህ እንዴ መንግሥት ሳይወስደው በስሜ አድርጊው ያልከኝ› ነው ያለችው።»