ቤሌ ያልደረሰው ፎቶ

ይድነቃቸው የሚያለቅሰው መኪና ሲቆም ነው። እህቱ ዓመለወርቅ ይህን ያስተዋለችው በለቅሶው ሁለተኛ ቀን ነበር። የሠፈር ሰው በእግሩ ሲመጣ ይድነቃቸው ከድንኳኑ በር ቆሞ ይጨብጣል፣ ራሱን ይነቀንቃል፣ በቃ። የመሥሪያ ቤት መኪና ሲመጣ ግን «አባቴን! አባቴን!» እያለ ጉልበቱ ይከዳዋል፤ ሁለት ሰው ደግፎ ያነሣዋል። መኪናው ሲሄድ ሱሪውን አራግፎ ስልኩን ይከፍታል።

«ወንድ ልጅ አባቱን እንዲህ ሲወድ አይቼ አላውቅም» አለች ከጎኗ የተቀመጠችው ጎረቤታቸው መሲ።

«እኔም አላየሁም» አለች ዓመለወርቅ።

ከድንኳኑ በር በላይ የአባታቸው የአቶ ሶርሳ ፎቶ ተሰቅሏል። ባነሩ የአልጋ ልብስ ያህል ይሰፋል። ከሥሩ «የሕዝብ አገልጋይ፣ የልጆቹ መመኪያ» ተብሎ በወርቅማ ቀለም ተጽፏል። ሶዶ ከተማ ውስጥ ለሟች እንዲህ ያለ ባነር ያሠራ የለም እየተባለ ይወራል። ይድነቃቸው ሲወራ ይሰማል፤ ሰምቶም አንገቱን በትሕትና ይደፋል።

አቶ ሶርሳ የከብት ክትባት ሠራተኛ ነበሩ። መኪና በማይገባበት በኪንዶ ኮይሻ ገጠር የክትባት ሣጥን አንግበው በእግራቸው ዞረው ነው ያረጁት። ጡረታ ወጥተው ጥቂት ዓመት እንደቆዩ መርሳት ጀመሩ። መጀመሪያ ዕቃ ጠፋባቸው፣ ቀጥሎ የሰው ስም፣ በኋላ ዘመኑ ራሱ። ጠዋት ጠዋት ካኪ ኮታቸውን ለብሰው ይነሣሉ።

«ከብቶቹ ተሰብስበዋል፤ ሰው ፀሐይ ላይ እየጠበቀኝ ነው።»

ዓመለወርቅ አትከራከራቸውም። ክንዳቸውን ይዛ እስከ መንገዱ ጥግ ትሸኛቸውና «መድኃኒቱ አልደረሰም አሉ አባዬ፤ ነገ ነው» ትላቸዋለች። «እነዚህ ሰዎች መቼም አይለወጡም» ብለው እየተናደዱ አብረዋት ይመለሳሉ። ይድነቃቸው በዓል ሲሆን ብቻ ይመጣ ነበር። እንግዳ ይዞ ከመጣ ደግሞ «እባክሽ ጓዳ አስገቢልኝ» ይላታል፤ አባቱን ነው እንግዲህ።

አንድ የገበያ ቀን ዓመለወርቅ ከሱቅ ስትመለስ በሩ ተከፍቶ አገኘችው። ካኪው ኮት የለም።

መናኸሪያ ሄደች። ኦቶና ሆስፒታል ሄዳ አልጋውን ሁሉ አየች። የቤተ ክርስቲያን ቅጥር ግቢ አልቀራትም። በማግሥቱ ፎቷቸው ያለበት «አፋልጉኝ» የሚል ወረቀት አሳትማ ለወንድሟ ስታሳየው ፊቱ ተለወጠ።

«የአባቴን ፎቶ ከኮንዶም ማስታወቂያ ጎን ልትለጥፊው? ያበደ አባቱን ሜዳ ላይ ጣለ ልታስብዪኝ ነው? ሹመቴ አፋፍ ላይ ደርሶ!»

«አላበደም። ረስቶ ነው።»

«ለሰው ልዩነቱን አንቺ ታስረጂያለሽ?»

ከዚያ አንድ የአውቶቡስ ረዳት ካኪ የለበሱ ሽማግሌ ወደ ኪንዶ ኮይሻ በሚወስደው በቤሌ መንገድ ሲሄዱ ማየቱን ነገራት። ይህን ስትነግረው ይድነቃቸው በድንገት ለሰለሰ። «መኪና ያለኝ እኔ ነኝ። ወረቀቱን ስጪኝ፤ ቤሌ ድረስ ራሴ እለጥፈዋለሁ። አንቺ በሌላው አቅጣጫ በቢጠና በኩል ፈልጊ» አላት። ደስ ብሏት ትከሻውን ሳመችው። እሷ በቢጠና በኩል የገጠሩን ሰው ስትጠይቅ ዋለች። ማታ ደወለላት፦ «ለጠፍኩት፤ አየሁ የሚል የለም።»

ከሳምንት በኋላ አቶ ሶርሳ ከቤሌ ወዲያ፣ ከመንገዱ በታች፣ ገደል ሥር ሞተው ተገኙ።

በሠልስቱ ቀን ቀትር ላይ አንዲት የገጠር ሴት ከድንኳኑ በር ደረሰች። ጫማዋ ጭቃ ነው፤ በጨርቅ የተቋጠረ ነገር በብብቷ ይዛለች። ወደ ውስጥ አልገባችም። ከባነሩ ሥር ቆማ ሽቅብ ታያለች።

«እናቴ፣ ዕድርተኛ ከሆንሽ በጓሮ በኩል ነው» አላት ይድነቃቸው።

ሴትዮዋ አልሰማችውም። «አዋ!» አለች፤ በወላይትኛ አባት ማለቷ ነው። ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ማልቀስ ጀመረች። መኪናም የቆመ የለም፣ የሚያያትም ሹም አልነበረም።

ዓመለወርቅ ተነሥታ ሄደች። በወላይትኛ «አባቴን ታውቂዋለሽ?» አለቻት።

«ፈጠነች እባላለሁ። ከገደሉ ሥር የተነሡት ካኪ ለባሽ ሽማግሌ የዚህ ቤት ናቸው ሲባል ሰምቼ መጣሁ። እኔ ቤት ነበሩ እኮ! ሁለት ሌሊት አድረዋል። ከብቶቻችሁን አምጡ ሲሉን ሳቅን፤ በኋላ የላሜን ጆሮ ዳብሰው፣ አፏን ከፍተው አዩና ደህና ናት አሉኝ። የማን ናቸው ብለን ቤሌ ድረስ ሄደን ጠየቅን። ሰው ጠፋብኝ ያለ የለም አሉን።»

«ወረቀት ተለጥፎ ነበር። ፎቶ ያለበት።»

«የት ልጄ?»

«ቤሌ። መናኸሪያው ላይ፣ ገበያው ላይ።»

ፈጠነች ግራ ገብቷት አየቻት። «ባለቤቴ ገበያው ላይ ነው የሚውለው፤ ማንበብም ይችላል። ምንም አልነበረም። ፎቷቸውን ዛሬ ማየቴ ነው» አለችና ወደ ባነሩ አመለከተች። «ይሄንን ያኔ ባየነው አንለቃቸውም ነበር። በሦስተኛው ቀን እኔ ውኃ ስወርድ ሄዱ።»

ዓመለወርቅ ወደ ወንድሟ ዞረች።

«ቤሌ አልሄድክም።»

«ቀስ በይ፤ ሰው ይሰማል።»

«ሄደሃል ወይስ አልሄድክም?»

«ስብሰባ ነበረብኝ!» አለ በሹክሹክታ። «ይመለሳል ብዬ ነው። እኔ ይሞታል ብዬ አስቤ ነው? ደግሞ አሁን ቦታው ነው?»

የመሥሪያ ቤት መኪና ከአጥሩ ውጭ ቆመ። ይድነቃቸው መኪናውን አየ፣ እህቱን አየ፤ ምን እንደሚያደርግ ጠፋው። ለመጀመሪያ ጊዜ መኪና ቆሞ እንባው አልመጣም። ዓመለወርቅ ልትሰድበው አፏን ከፍታ ነበር፤ ግን ፊቱን ስታየው የሚሰደብ ሰው አላገኘችበትም። እንደ ዕቃ አልፋው ሄደች።

ፈጠነችን እጇን ይዛ ወደ ውስጥ አስገባቻት። ለእንግዳ የማይለቀቀው የቤተሰቡ ፍራሽ ላይ ከጎኗ አስቀመጠቻት። ሴቶቹ ጭቃውን ጫማ አይተው ተጠቃቀሱ።

«ባዶ እጄን አልመጣም ብዬ ነው» አለች ፈጠነች አፍራ፣ ቋጠሮውን ስትፈታ። የተቀቀለ ጎደሬ ነበር፣ ልጣጩ ገና ያልተላጠ። «ሌላ ነገር ቤት አልነበረም። አዋም ይሄንኑ ነው የበሉት፤ ወደውት ነበር።»

«ብዙ በላ?»

«ሁለት። ሦስተኛዋን ኮታቸው ኪስ ከተቷት። ይብሉ እንጂ ብላቸው እንቢ አሉ፤ ይቺ ለዓሙ ናት አሉኝ። ዓሙ ማን ናት ብላቸው ከስሙ በቀር ሌላው ጠፋባቸው።»

መሲ ዓይኗን ወደ ዓመለወርቅ ወርውራ ቶሎ መለሰች። በዚያ ቤት ዓመለወርቅን ዓሙ የሚላት አንድ ሰው ብቻ ነበር።

ዓመለወርቅ ከጨርቁ ላይ አንዷን ጎደሬ አነሣች። በጥፍሯ ቀስ እያለች ልጣጩን ላጠች፤ አፈር እንዳይነካው ልጣጩን በመዳፏ ሰበሰበች። ከዚያ ጎደሬዋን ሳትቆርስ፣ ለማንም ሳታካፍል፣ እስከ መጨረሻዋ በላቻት።