የሠላሳ ቤት ውኃ

የቧንቧ ሠራተኛ ናት። ሕንፃው ውስጥ በስሟ የሚጠራት የለም፤ መፍቻ ከእጇ ስለማይለይ «መፍቻ» ብለዋት ቀረ። ቁጭ ማለት አይሆንላትም። ሰው እያናገራት እንኳ ዓይኗ ግድግዳው ላይ የረጠበ ቦታ ይፈልጋል።

ሕንፃውን ባለቤቱ ዋጋው እስኪንር ብሎ ዘጠኝ ዓመት ቆልፎት ነበር። ከየኪራይ ቤቱ የተባረሩ ሠላሳ ቤተሰቦች አንድ ቅዳሜ ጠዋት በሩን ከፍተው ገቡበት። መስኮት የሚገጥም ገጠመ፣ የሚጠርግ ጠረገ፤ መፍቻ ደግሞ የዛገውን ቧንቧ ቀያይራ በአሥራ አንድ ቀን ውኃውን አምስተኛ ፎቅ አደረሰችው። አለቃ የላቸውም። ሊቀመንበርም ማኅተምም አልፈለጉም። ሐሙስ ሐሙስ ከሥራ መልስ ደረጃው ላይ ተደርድረው እስኪስማሙ ይነጋገራሉ። አንዳንዴ ነገሩ ውኃ ቢወቅጡት እንቦጭ ይሆናል፤ ስለ ቆሻሻ መጣያ ብቻ ሦስት ሐሙስ አልቋል። የተስማሙበትን ግን ሁሉም ይሠራዋል።

የባለቤቱ ወኪል በመጣ ቁጥር «ኃላፊያችሁ ማነው?» ይላል። «የለንም» ይሉታል። ጠርቶ የሚያባብለው፣ ነጥሎ የሚያስፈራራው አንድ ሰው አጣ። በመጨረሻ ጠያይቆ ውኃው በማን እጅ እንዳለ ደረሰበት።

መፍቻን ያገኛት የቧንቧ ዕቃ መደብር ውስጥ ኤልቦ የሚሉትን የቧንቧ መታጠፊያ ስትመርጥ ነው።

«እናትሽን ጉልበታቸውን ያማቸዋል አሉ።»

«ማን አለህ?»

«አራተኛ ፎቅ ለታመመ ጉልበት አይሆንም፣ እህቴ። ደረጃ የሌለው ባለ ሁለት ክፍል ቤት አለኝ። ወረቀቱ በእናትሽ ስም ይጻፋል። አንቺ ፓምፑ ተቃጥሏል በይና ውኃውን ለአንድ ሳምንት ዝጊው። ሰው ያለ ውኃ አይቀመጥም። ፖሊስ ሳይመጣ፣ ማንም ሳይደበደብ፣ በሰላም ይወጣሉ። ለነሱም የሚሻለው ይኸው ነው።»

ልትሰድበው ይገባት ነበር። ከአፏ የወጣው ግን «አስብበታለሁ» ነው።

እናቷ እግራቸው መሬት ከረገጠ አምስት ወሩ ነው። ቀኑን ሙሉ መስኮት ላይ ናቸው። ያን ዕለት ልጃቸው ስትገባ ዞር ሳይሉ፣ «እዚያ ዛፍ ሥር የተቀመጠችው ሴትዮ ጫማዋ ምን ዓይነት ነው? ከዚህ አልታይ አለኝ» አሉ።

መፍቻ ዝቅ ብላ አየች። ለእሷም አልታያትም።

ሁለት ቀን ደረጃውን ወጣች፣ ወረደች። ያልላላውን ብሎን አጠበቀች፤ ያጠበቀችውን መልሳ ፈታች። ሰው «ምን ሆንሽ?» ሲላት «ምንም» ትላለች። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ። የጨነቀው እርጉዝ ያገባል እንዲሉ፣ ረቡዕ ጠዋት ደረጃው ሥር ወዳለችው ጠባብ የፓምፕ ክፍል ገብታ ዋናውን ቫልቭ ዘጋችው።

አንድ ሰዓት ሳይሞላ ሦስተኛ ፎቅ የምትኖረው ልብስ አጣቢ እስከ ክርኗ አረፋ እንደለበሰች ወረደች።

«እህቴ፣ ሳሙና ላይ እያለሁ እኮ ነው ቀጥ ያለብኝ!»

«ፓምፑ ተቃጥሏል።» ውሸቱ ካሰበችው በላይ ቀለላት። የደነገጠችው በዚህ ነው።

«አይዞሽ» አለች አጣቢዋ እጇን በቀሚሷ እየጠረገች። «አንቺ እያለሽልን ምን እንሆናለን!»

ቀትር ላይ ሰው ሁሉ ጄሪካን ይዞ ወጣ። መፍቻ የምትሠራ ለመምሰል ፓምፑን ፈታታ መሬት ላይ ዘርግታዋለች። በተከፈተው በር በኩል ጡረታ የወጣው ፖስተኛ ሁለት ጄሪካን አንጠልጥሎ ሲያልፍ አየችው። ሰባ ዓመት አልፎታል። እየደጋገመ ያርፋል።

«አባባ፣ ይስጡኝ እኔ ላድርስልዎ!»

«ተይኝ፣ አንቺ ሥራሽን ሥሪ። ይቺኛዋን ለእናትሽ ላድርስ፣ እሳቸው መውረድ አይችሉም። የእኔ ቀስ ብሎ ይደርሳል።»

አራተኛ ፎቅ እስኪደርስ ኮቴውን ቆጠረችው። ከዚያ ፓምፑን መልሳ ገጠመች፤ ቫልቩንም ከፈተች። ከላይ እልልታ ሰማች። «መፍቻ ሠራችው!» ይላሉ። ስድብ ቢሆን ይሻላት ነበር።

በማግስቱ፣ ሐሙስ፣ ሁሉም ደረጃው ላይ ሲሰበሰቡ እሷ ብቻ ቆማ ነገሩን አንድ ሳታስቀር ተናገረች። መጀመሪያ የተነሣው ሁለተኛ ፎቅ የሚኖረው ልብስ ሰፊ ነው።

«ትውጣ! ዛሬውኑ! ነገ በሩን ብትከፍትላቸውስ?»

«እውነቱን ነው» ያለም አለ፤ ያለቀሰም አለ።

ፖስተኛው ጉሮሮውን ጠረገ። «ጥፋቷ ጥፋት ነው። ግን አለቃ የለንም እያልን ስንኮራ የሠላሳ ቤት ጉሮሮ ለአንድ ሰው አስጨብጠን አልነበር? እሷ ባታጠፋም፣ ብትታመምስ? ማናችን ነን ያን ነገር መክፈትና መዝጋት የምናውቀው?»

አጣቢዋ ቀና ብላ፣ «እኔ አንድ ነገር ብቻ ልጠይቃት» አለች። «ወኪሉ የእናትሽን ጉልበት ሲያውቅ እኛ ሳናውቅ የቀረነው ለምንድነው?»

«ሁላችሁም የራሳችሁ አለባችሁ» አለች መፍቻ። «የእኔን መጨመር አፈርኩ።»

«እኛን ማስጠማቱ አላሳፈረሽም?»

መፍቻ የፓምፑን ክፍል ቁልፍ ከኪሷ አውጥታ ደረጃው ላይ አስቀመጠች።

እስኪመሽ ተነጋገሩ። መፍቻ እንድትቆይ፣ ስድስት ሰው ከእሷ የውኃውን ሥራ እንዲማር፣ የክፍሉም ቁልፍ ከደጅ ሚስማር ላይ እንዲሰቀል ተስማሙ። መግቢያው አጠገብ ያለችው የዕቃ ክፍል ተጠርጋ ለእናትየው እንድትሰጥም ተባለ። ልብስ ሰፊው፣ «እኔ አልተስማማሁም፤ ግን አላግድም» ብሎ ተቀመጠ።

እሱ ነው ለመማር ቀድሞ የመጣው። ስለማያምናት ከሁሉም አብልጦ ይጠይቃል። ክር መጠምጠም ሙያው ነውና ቧንቧው እንዳያንጠባጥብ የሚጠመጠመውን ቴፍሎን ሲያስር ከእሷ በለጠ፤ «ይኸው!» ብሎ ለሁሉም አሳየ። እናትየውን ደግሞ አራት ሰው በወንበር ተሸክሞ አወረዳቸው። «ኧረ እንደ ቁም ሣጥን አታጋድሙኝ!» እያሉ እስከ ታች ድረስ ተቆጡ። ደጅ ሲደርሱ ግን አፈሩን በጫማቸው ጫፍ ነካኩት።

ወኪሉ ከመፍቻ መልስ ሲያጣ መንገድ ላይ ያለውን የውኃ መስመር አስቆረጠ። በዚህ ጊዜ የደነገጠ የለም። ከጎን ያለው የመኪና እጥበት ቤት ረጅም የውኃ ጎማ አዋሳቸው። ስድስቱ ተራ ገብተው በየፎቁ አከፋፈሉ። ሌሎቹ ልጆቻቸውንና ባዶ ጄሪካናቸውን ይዘው ውኃ መሥሪያ ቤቱ ደጅ ተቀመጡ። በአራተኛው ቀን፣ መስመሩ ያለ ትእዛዝ ነው የተቆረጠው ተብሎ ተቀጠለ። ባለቤቱ ይውጡልኝ ብሎ የከሰሰበት ፍርድ ቤትም ክሱ እስኪወሰን ማንም እንዳያስወጣቸው አዘዘ። ክሱ ይኸው እስካሁን በቀጠሮ ላይ ነው።

አጣቢዋ መፍቻን ሰላም አትላትም። ውኃ ሲቀጥን የምትጠራው ልብስ ሰፊውን ነው። መፍቻም የአጣቢዋ በር ላይ ስትደርስ ልታንኳኳ እጇን ታነሣና አልፋ ትሄዳለች።

ባለፈው ሳምንት ሌላ የተዘጋ ሕንፃ የከፈቱ ሰዎች ሊወስዷት መጡ። ሄደች። ቧንቧውን ከላይ እስከ ታች ካየች በኋላ ቦርሳዋን ሳትከፍት፣ «አብረውኝ የሚሠሩ ሦስት ሰው ስጡኝ፤ ያለዚያ አልነካውም» አለች።

«ለምን?» አለች ሕፃን ያዘለች ሴት። «አንቺ ካወቅሽው አይበቃም?»

ሦስቱ አጠገቧ ሲቀመጡ መፍቻ መሬት ላይ ተንበረከከች። የመጀመሪያውን ብሎን እየፈታች፣ ያን ረቡዕ ያደረገችውን ከመጀመሪያው ጀምራ ነገረቻቸው።