ለሳሙኤል የተቀመጡት ለቅሶ

መንታዎቹ ማራናታና ዕንቁ አምስት ዓመት ሊሞላቸው ነው፤ የእናታቸው የውባንቺ ሆድ ግን መውለዷን ገና ያልሰማ ይመስላል። ጠዋት ደህና ይሆንና ምሳ ከበላች በኋላ ተነፍቶ የስድስት ወር ያህላል። ከአልጋ ቀና ስትል መካከሉ ሾጠጥ ብሎ እንደ ጎጆ ጣሪያ ይቆማል። ሲልቨር ስፕሪንግ በምትሠራበት የአረጋውያን መጦሪያ ሰው ደግፋ ስታነሣ ወገቧ አልታዘዝ ይላታል። አውቶቡስ ላይ ሰው ይነሣላታል። መጀመሪያ ታፍር ነበር፤ ኋላ ግን ምን ታድርግ፣ መቀመጡን ለመደችው።

አሌክሳንድሪያ ያለው ሐኪም በጀርባዋ አስተኝቶ አንገቷን ቀና እንድታደርግ ነገራትና እምብርቷ ላይ ጣቶቹን ጎን ለጎን ሰደደ። አራቱም ገቡ። የሆዷ ጡንቻዎች መንታዎቹ ሲወጥሯቸው ግራና ቀኝ ተለያይተው እንደቀሩ፣ ያን ሁሉ እንቅስቃሴ ሠርታም ካልገጠሙ ከእንግዲህ በራሳቸው እንደማይገጥሙ፣ ከፍቶ መስፋት እንዳለበት አስረዳት። ውባንቺ አለቀሰች፤ ደስ ብሏት ነው። ስንፍና ሲባል የኖረው ነገር በሽታ ሆኖ ተገኘላት።

ስንፍና ነው ባይዋ አማቷ እታለማሁ ናቸው። የልጅ ልጆቻቸውን ሊጠብቁ ከአዲስ አበባ መጥተው አስፐን ሂል ካለው የልጃቸው ቤት አንዱን ክፍል ይዘዋል። «ሆድሽን በመቀነት እሰሪ ብዬ በስልክ ስጮህ ሐኪም አልፈቀደም አለች። ይኸው ተዘርግፎ ቀረ!» ይላሉ፣ በተለይ እንግዳ ሲኖር። ሁለት ሴት ልጆች በአንድ ጊዜ መወለዳቸውንም እስከ ዛሬ ለምራታቸው ይቅር አላሉም። የሚፈልጉት ወንድ ነው።

የኦፕሬሽኑ ቀጠሮ እንደተያዘ ቤተ ክርስቲያናቸው እንግዳ ነቢይ መጣ። ፋኑኤል ይባላል። ከመድረክ ወርዶ በወንበሮቹ መካከል ተንጎራደደና ድንገት ጣቱን ቀሰረ።

«ቢጫ ሻርፕ ያደረግሽው! አዎ፣ አንቺ! በማህፀንሽ ወንድ ልጅ አያለሁ። ስሙን ሳሙኤል ትዪዋለሽ። ተቀበዪ!»

ለነገሩ ያን ሆድ ለማየት ነቢይ መሆን አያስፈልግም፤ ዓይን ይበቃል። አዳራሹ በእልልታ ተናጋ። ውባንቺ ምን ትበል? «አይ፣ ጡንቻ ነው» ይባላል? ማይኩ አፏ ላይ ተደቅኗል፤ ባሏ ሲላስ ከኪቦርዱ ኋላ ሆኖ ያያታል፤ አማቷ እጃቸውን ወደ ሰማይ ዘርግተው ያነባሉ።

«አሜን» አለች።

ከአፍ ከወጣ አፋፍ። በማግስቱ እታለማሁ ለመጀመሪያ ጊዜ «ልጄ» ብለው ጠሯት። የገንፎ ዱቄት ከአዲስ አበባ አስላኩ። የቤተ ክርስቲያኑ እህቶች ሰማያዊ የሕፃን ልብስ እያመጡ ሳሎኑን ሞሉት።

«እማማ፣ እርጉዝ አይደለሁም እኮ። ይሄ የሚሰፋ ነገር ነው» አለቻቸው ውባንቺ አንድ ቀን፣ ድፍረቷን አሰባስባ።

«ሣራም ስቃ ነበር» አሏት እታለማሁ እየሳቁ፣ ሆዷን ዳበስ አድርገው። ከሴትየዋ ጋር ለመከራከር መጽሐፍ ቅዱሱን በሙሉ ማሸነፍ ያስፈልጋል።

ሲላስ ሁሉንም ያውቃል። ችግሩ፣ ሲላስ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌ ሆኖ ሊሾም ነው፤ እጁን የሚጭንበትም ራሱ ፋኑኤል ነው።

«ነቢዩን ዋሸህ ብዬ በየት በኩል ነው ጸልይልኝ የምለው?» አላት። «አንቺ ሰርጀሪውን አድርጊ። ከሹመቱ በኋላ ማይኩን ይዤ እኔው ራሴ ኤክስፕሌን አደርግላቸዋለሁ። በጌታ ፊት ቃሌ ነው።»

አመነችው። የሚታመን ሰው ስለሆነ አይደለም፤ ሌላ የምታምነው ሰው ስለሌላት ነው።

የኦፕሬሽኑ ዕለት ወደ አሌክሳንድሪያ የወሰዳት ሲላስ ነው። ነርሷ እንደ ደንቡ ሽንቷን መርምራ መጣችና ለሁለቱም፣ «እርግዝና የለም፤ እንቀጥላለን» አለቻቸው። ሲላስ «ታንክ ዩ» አለ። ሐኪሙ ከጎድን አጥንቷ ሥር ጀምሮ እስከ ታች ጡንቻውን ስቦ ገጠመው፤ ሰፋው። ስትነቃ ከጎንና ከጎኗ የፈሳሽ ማውጫ ቱቦ ተንጠልጥሏል፤ ወገቧ በሰፊ መጠቅለያ ታስሯል። ስታስል፣ ስትነሣ፣ መኪና ስትገባ ሆዷን የምትደግፍበት ትንሽ ትራስ ሰጧት። አንገቷን ዘንበል አድርጋ ብታይ የእግሯ ጣቶች ታዩዋት። ሕመሙ ያስጮኻል፤ እሷ ግን ሳቀች።

ቤት ሲደርሱ በሩን የከፈቱት እታለማሁ ናቸው። ልጃቸው «ቀላል ነገር ነው፣ ትመለሳለች» ብቻ ብሏቸው ነበር። እንደ አሮጊት ጎብጣ የቆመችውን ምራታቸውን ከላይ እስከ ታች አዩ፤ ዓይናቸው ጠፍጣፋው ሆዷ ላይ ሲደርስ ሁለት እጃቸውን ራሳቸው ላይ ጫኑ።

«ልጄን! ሳሙኤልዬን! አስወጣችው!»

ወሬው ላንግሊ ፓርክና በልትስቪል ላሉት የቤተ ክርስቲያኑ እህቶች ለመድረስ አንድ ስልክ በቃው። በማግስቱ እህቶቹ መጡ፤ ለጥየቃ ግን አልነበረም። ጥቁር ሻርፕ አድርገው ሶፋውንና ምንጣፉን ሞልተው ለቅሶ ተቀመጡ። ላልተፀነሰ ልጅ። መዝሙር አንጎራጎሩለት፤ «ስም ወጥቶለት እኮ!» እያሉ አፍንጫቸውን ጠረጉለት። ውባንቺ አልጋ ላይ ሆና ትሰማለች። ማልቀስ እንኳ አልቻለችም፤ ሳግ በመጣ ቁጥር ስፌቱ ይጎተታል። ትራሷን ሆዷ ላይ ጥብቅ አድርጋ ያዘች። ከእህቶቹ አንዷ፣ አበዛሽ የምትባለው፣ በበሩ አንገቷን አስግጋ አየቻትና ወደ ሳሎን ዞራ፣ «አሁን ትራስ ታቅፋለች» አለች።

ፓስተር ኃይሉም መጡ።

«እህቴ፣ የንጹሕ ደም ይጮኻል» አሏት፣ በር ላይ እንደቆሙ።

«ፓስተር፣ ልጅ አልነበረም። ጡንቻዬን ነው የሰፉኝ። የሆስፒታሉ ወረቀት ይኸው አለ፤ ይዩት።»

«ያወጣው ሐኪም አላወጣሁም ብሎ ቢጽፍ ምን ይገርማል?» አሉ እታለማሁ ከኋላ።

«እሺ፣ ሲላስን ጠይቁት! አጠገቤ ነበር። ነርሷ ስትናገር በጆሮው ሰምቷል። ሲላስ፣ ንገራቸው!»

ሁሉም ዞሩ። ሲላስ ምንጣፉን አየ፤ ግድግዳውን አየ፤ እናቱን አየ።

«ጸልዩልን» አለ።

አህያውን ፈርቶ ዳውላውን! እነሱም ተንበርክከው ጸለዩ፤ እንዴት ያለ ጸሎት! በሰው ኃጢአት ላይ ሲሆን ጸሎት ይጣፍጣል። እታለማሁ «ገዳይ ካለችበት ቤት ውኃ አልጠጣም» ብለው በልትስቪል ወዳለችው ሴት ልጃቸው ሄዱ። የገንፎ ዱቄቱንም ይዘውት ሄዱ። ምንም እንዳታነሣ የተከለከለችው ውባንቺ ሁለቱን ልጆቿን ግድግዳ ተደግፋ አጠበች፣ አበላች።

የሹመቱ እሑድ ሲቃረብ ፓስተሩ ለሲላስ አንድ ነገር ነገሩት፤ ሚስቱ በማኅበሩ ፊት ይቅርታ ካልጠየቀች ሹመቱ የለም።

«ለምን እንደሆነ መናገር የለብሽም» አላት ሲላስ፣ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጦ። «‹ይቅር በሉኝ› ብቻ በያቸው። ከዚያ እጅ ይጫንልኛል፤ ወዲያው ማይኩን ይዤ ሁሉንም እናገራለሁ። ቃሌ ቃል ነው አላልኩሽም?»

ሄደች። በቀሚሷ ሥር ሆዷ እንደታሰረ፣ ግማሽ ጎብጣ፣ መድረኩ ፊት ቆመች። «ይቅር በሉኝ» አለች። አዳራሹ በአንድ አፍ «ሃሌ ሉያ» አለ። ፋኑኤል ሲላስ ላይ እጁን ጫነ፤ ሲላስ ሽማግሌ ሆኖ ተነሣ፤ ማይኩንም ሰጡት። ውባንቺ ጠበቀች።

ሲላስ እግዚአብሔርን አመሰገነ። እናቱን አመሰገነ። ነቢዩን አመሰገነ። ከዚያ ኪቦርዱ ላይ ተቀመጠና መዝሙር ጀመረ። ዝም አይነቅዝም ይባላል፤ የሲላስ ዝምታ ግን እሷን በላት።

ወደ ቤት ሲመለሱ ውባንቺ ከኋላ ወንበር በሁለቱ ልጆቿ መካከል ተቀምጣለች፤ ትራሷ ከመኪናው ቀበቶ ሥር ነው። ዕንቁ እጇን ይዛታለች። ልጅቷ በእንግሊዝኛዋ ጠየቀች።

«ማሚ፣ ሳሙኤልን አንቺ ነሽ የገደልሽው?»

ውባንቺ በመስታወቱ የባሏን ዓይን ፈለገች። አዳራሽ የለም፤ ፓስተር የለም፤ ነቢይ የለም። አራቱ ብቻ ናቸው። እዚህ እንኳ ይናገራል አለች በልቧ፤ ለልጁ እንኳ ይናገራል።

«ዳዲን ጠይቂው» አለቻት። «ዳዲ ያውቃል።»

«ዳዲ?»

የቆሙበት የትራፊክ መብራት አረንጓዴ ሆነ። ሲላስ ነዳጁን ረገጠ።

«ጌታ ይቅር ብሏታል፣ የኔ ቆንጆ» አለ።

ዕንቁ እጇን ከእናቷ እጅ ውስጥ ቀስ ብላ አወጣችና ወደ መስኮቱ ተጠጋች።